ጋሼ ሞተር ከወንበሩ የተነሳ ዕለት

የአክስቴን ባል ከተማው ሁሉ «ጋሼ ሞተር» ይለው ነበር። ሥራው መዳብ ቆፋሪዎችን በአሳንሰር ወደ ጉድጓዱ ማውረድና ማውጣት ነው። ከታች ደወል ሲደወል እሱ ከላይ እጀታውን ይስባል። የከተማው ወንድ ሁሉ ነፍሱን ለዚያ እጅ አደራ ሰጥቶ ነው የሚወርደው። እኔ በበኩሌ ግትር ሰው አልወድም፤ እሱን ግን እወደዋለሁ።

ከተማ ስል ደግሞ ያው አሸዋ መሀል የበቀለ ከተማ ነው። መዳብ ተገኘ ሲባል ኩባንያ መጣ፤ የቆርቆሮ ቤት በተርታ ተሠራ፣ ዳቦ ቤት ተከፈተ፣ ትምህርት ቤት ተከተለ፤ ሲኒማ ቤት ሳይቀር ነበረው። የሌለው ውሃ ብቻ ነው፤ እሱን ቦቴ ያመጣል። ጋሼ ሞተር ሁልጊዜ የሌሊት ተረኛ ስለነበር ከጨለመ ወጥቶ ሳይነጋ ይገባል፤ ቀን ቀን ወፍራም መጋረጃ ጋርዶ ይተኛል። አክስቴ ደጃፏ ላይ ኳስ የሚጫወቱትን ልጆች «እናንተ! አባቶቻችሁን የሚያወጣላችሁ ሰው እኮ ነው የተኛው!» እያለች ታባርራለች። ልጆቹም እውነት ነውና ጸጥ ይላሉ።

የሞተር ቤቱ ሕግ አንድ ነበር። ተረኛው፣ ተተኪው መጥቶ ትከሻውን ሳይነካው ከወንበሩ አይነሳም። ትከሻ የነካ ደግሞ ወዲያው ይቀመጣል። ወንበሩ ባዶ ሳለ ደወል ቢደወል ሰው መሀል ጉድጓድ ተንጠልጥሎ ይቀራላ! አክስቴ የበኩር ልጇን የወለደች ዕለት ተተኪው ዘገየና፣ ጋሼ ሞተር የደረሰው ሕፃኑ ታጥቦ ከተጠቀለለ በኋላ ነው። ይህን እስከ ዛሬ ታነሳበታለች።

መዳቡ እየሳሳ ሄደና ኩባንያው ዘጋ። ሰዉ በርና መስኮቱን ሳይቀር እየነቀለ ጭኖ ሄደ፤ ሰፈሩ ወና ሆነ። በመጨረሻው ማለዳ የቀሩት ቆፋሪዎች ወጡ፤ ሁሉንም የሚወስድ አንድ የጭነት መኪና ቆሟል። ከዚያ ወዲያ ቦቴ አይመጣም፤ የቀረን ሰው የውሃ ጥም ይጨርሰዋል። ጋሼ ሞተር ግን ከወንበሩ አልተነሳም።

«አልቋል እኮ! ታች ማንም የለም፤ ተነስ እንጂ» አለው አለቃው።

«ተተኪ ላክልኝ።»

«የምን ተተኪ? ጉድጓዱ ተዘጋ!»

«ደወሉ ቢደወልስ?»

ለመኑት፣ ተቆጡት። ወይ ፍንክች የአባ ቢላዋ ልጅ! አለቃው ትከሻውን ይዞ ሊያስነሳው እጁን ሲዘረጋ «ከነካኸኝ ትቀመጣለህ» ብሎ ቢያፈጥበት፣ አለቃ ተብዬው እጁን ሰብስቦ ወጣ። ሾፌሩ ጥሩምባውን ያንባርቃል።

አክስቴ በዚያ ሁሉ ዓመት የሞተር ቤቱን ደፍ ረግጣ አታውቅም። ያን ቀን ገባች። ከኋላው ሄዳ እጇን ትከሻው ላይ አሳረፈች።

«ነካሽኝ» አላት ዞር ብሎ።

«ነካሁህ።»

«እንግዲያው ትቀመጫለሽ።»

«ምን ገዶኝ! ተነስልኝ።»

ተነሳ፤ ተቀመጠች። ከፊቷ የሚጠመጠም የሽቦ ገመድና ባዶ ግድግዳ አለ። መስኮቱ የሞተረኛውን ዓይን እንዳይሰርቅ ጥቁር ቀለም ተቀብቷል።

«ሠላሳ ዓመት ሙሉ ያየኸው ይህን ነው?»

«ገመዱን ነዋ፤ ሌላ ምን አያለሁ?»

ልትቆጣው የመጣች ሴት አንጀቷን በላትና አለቀሰች። እንባዋን እየጠረገች «እኔንስ ማን ሊያስነሳኝ ነው? እዚሁ ልሙት?» አለችው።

ጋሼ ሞተር ጆሮውን ወደ ደወሉ አቅንቶ ቆየ። ደወሉ ዝም አለ። ከዚያ «በቃ፣ ነይ» ብሎ እጇን ያዘ። ለራሱ ያልፈቀደውን ለእሷ ፈቀደ።

መኪናው ላይ ሲወጡ ፀሐይዋ ከፍ ብላ ነበር።

«ያ ቀዩ ተራራ ምንድን ነው?» አላት።

«ከበራችን ፊት ለፊት ያለው ነው እኮ፣ አንተ ሰውዬ!»

«እንዲህ ያምር ኖሯል?»

አክስቴ ሳቀችበት፤ ቀጥሎ ግን ሳቋ ጠፋ። ከጎኑ ተጠግታ፣ መኪናው እስኪርቅ ድረስ፣ ሠላሳ ዓመት የኖረበትን አገር በጣቷ እየጠቆመች አሳየችው።