ለጥቁሩ ሰውዬ ያለቀሱት እናት

ላሊበላ እንግሊዝኛ አስተምራለሁ። ላገባው ያሰብሁት ሰው አስጎብኚ ነበር፤ እንግዳ ከጠፋ ወዲህ ግን ሥራ ፈትቷል። አንድ እሑድ ከሰዓት ከእናቱ ሊያስተዋውቀኝ ቤታቸው ወሰደኝ። ጨዋታ እንዲሆነን ብሎ ከልቦለድ የተሠራ አንድ የድሮ የአሜሪካ ፊልም በላፕቶፑ ከፈተ። እናቱ የእኅቱን ልጅ፣ ገና ዳዴ የሚለውን ሕፃን ታቅፈው ተቀመጡ። እኔ እተረጉምላቸው ጀመርሁ።

በፊልሙ አንድ ጥቁር ሰውዬ ባልሠራው ወንጀል ተፈረደበት።

«እንዳልሠራ እያወቁ?» አሉ እናቱ።

«አዎ እማማ፣ እያወቁ። ጥቁር ስለሆነ ነው።»

በነጠላቸው እንባቸውን ጠረጉ። «እግዜር የፈጠረውን በመልኩ። ምን ዓይነት ጨካኞች ናቸው» አሉ። ልጃቸው ደግሞ ከፈራጆቹ ይልቅ እውነቱን እያወቁ ዝም ያሉት ሰዎች እንዳናደዱት ነገረን። በዚህ ንግግሩ ይበልጥ ወደድሁት።

ፊልሙን እያነሣን ስንጨዋወት ቆየንና «የማን ልጅ ነሽ፣ ልጄ?» አሉኝ።

«ከአሸተን ማርያም ግርጌ ነው ቤታችን። እናቴ ሸክላ ሠሪ ናት።»

የሕፃኑን ፊት በነጠላቸው ሸፍነው ወደ ጓዳ ገቡ። በእኛ አገር ሸክላ ሠሪና ቀጥቃጭ በዓይኑ ሰው ይበላል፣ ቡዳ ነው ይባላል።

በማግስቱ ሕፃኑን ትኩሳት ያዘው። የምወደው ሰው በዕረፍት ሰዓት ትምህርት ቤቱ በር ላይ አስጠራኝ።

«ጤና ጣቢያ ወሰዳችሁት?»

«መድኃኒት ሰጥተውታል። ግን እናቴ…» አቀረቀረ። «ከልብስሽ ቁራጭ አምጣ ብላኛለች። ሊያጥኑት ነው።»

«አንተ ታምንበታለህ?»

«አላምንም። ልጁ ቢሞትስ?»

ብከለክል እና ልጁ ቢሞት ገዳዩ እኔ ነኝ። ብሰጥ ደግሞ አዎ ቡዳ ነኝ ማለቴ ነው። በመጨረሻ የነጠላዬን ጫፍ በጥርሴ ቀደድሁ። እጁ እንዳይነካው በሶፍት ተቀብሎ ኪሱ ከተተው።

ልጁ ዳነ። መድኃኒቱን ያነሣ የለም፤ ሰፈሩ ሁሉ «ስትታጠን ለቀቀችው» አለ። አሁን ባልደረቦቼ ስገባ ምሳቸውን ይከድናሉ። እሱ ስልኬን አያነሣም።

እናቴ ዘንድ ወርጄ ሁሉንም ነገርኋት። እጇን ከጭቃው ሳታወጣ ሰማችኝ።

«ሰጠሽው?»

«ሰጠሁት።»

«እኔም ሰጥቼ አውቃለሁ» አለችኝ።