በእንቁላል የሚያሻግረው ሃሮስ

ባሌ ላምብሮስ የተወለደው በትንሣኤ ሌሊት ነው። ስሙም የወጣለት ከበዓሉ ብርሃን ነው። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ወላጆቹ የሚችሉትን ሁሉ እንዳደረጉ እንዲታወቅላቸው ብዬ ነው። በመንደራችን በካላሚያ ግን ከእናቱና ከእኔ በቀር ላምብሮስ ብሎ የሚጠራው ሰው የለም። ሃሮስ ነው የሚሉት።

ሃሮስ ማለት የጥንት ሰዎቻችን የሞተውን ሁሉ በጥቁር ወንዝ አሻግሮ ወደ ሙታን አገር ይወስዳል የሚሉት ቀዛፊ ነው። ጢማም፣ ጭቅቅታም፣ ቁጡ ሽማግሌ ነው ይላሉ። ሳንቲም ካልከፈሉት አያሻግርም፤ አንዴ ያሻገረውንም አይመልስም። ክርስትና ከገባ ወዲህ ሥራ መፍታት ነበረበት፤ ግን ሄዶ የነገረው ሰው ያለ አይመስለኝም። እኔ ሦስተኛ ክፍል ሳለሁ መምህራችን ይህን ተረት ጀመረልን። በሳምንቱ አባቴ መረብ የሚጠግንለት ሰው አጣና ከትምህርት ቤት አስወጣኝ። መጨረሻውን ሳልሰማ ቀረሁ። የቀረውን አግብቼ ጨረስኩት።

መንደራችን የባሕር ውኃ የሚገባበት አንድ ሰፊ ሐይቅ ዳር ናት። ውኃው አብዛኛው ከወገብ አያልፍም። ቤተ ክርስቲያናችንና መቃብራችን ፊት ለፊት ባለችው ትንሽ ደሴት ላይ ናቸው፤ በእኛ በኩል ያለው መሬት ረግረግ ስለሆነ የቀበሩት ሰው ክረምት ሲመጣ ተመልሶ ብቅ ይላል። ዓሣ አጥማጁ ሁሉ የየራሱ ጀልባ አለው። ሬሳና ቄስ የምታሻግረው ግን አንዲት ሆዷ ጠፍጣፋ፣ ሰፊ፣ ቅጥራን የተቀባች ጀልባ ናት። የላምብሮስ አያት በዘንግ ይገፏት ነበር፤ ቀጥሎ አባቱ፣ ቀጥሎ እሱ።

አያቱንም አባቱንም ሃሮስ ያላቸው አልነበረም። ላምብሮስ ገና ጢም ሳያወጣ አባቱ ታመመና ዘንጉን ተረከበ። በዚያው ሰሞን አዲስ መምህር ከከተማ መጣ። ጥቁሯን ጀልባ፣ ጭጋጉን፣ በላይዋ የተጋደመውን የሬሳ ሣጥን ሲያይ ባርኔጣውን አውልቆ፣ “እነሆ ሃሮስ! ሃሮስ ራሱ!” ብሎ ጮኸ። ከመጽሐፍም ረጅም ነገር በቃሉ ወረደው። ምስኪን፣ ማድነቁ ነበር። መምህሩ በዓመቱ ተዛወረ፤ ስሙ ግን እዚሁ ቀረ።

እንግዲህ እኛ ዘንድ አሮጊቶች እስከ ዛሬ ለሞተ ሰው ሳንቲም ያስይዛሉ። ፓፓ-ዚሲስ፣ ቄሳችን፣ ይህ አረመኔነት ነው ብለው ስለሚቆጡ በምላሱ ሥር ይደብቁለታል። ነገሩ እንዲህ ከሆነ ደግሞ በሕይወት ያለ ሰው ለሃሮስ በእጁ ሳንቲም ከሰጠው የመጨረሻ ጉዞውን ሂሳብ ቀድሞ ዘጋ ማለት ነው። ስለዚህ ለላምብሮስ ሳንቲም የሚሰጠው ጠፋ። አንዱ እንቁላል ያመጣል፣ አንዱ ሽንኩርት፣ አንዱ በቅጠል የተጠቀለለ ዓሣ። ልጅ ያሳደግነው በእንቁላል ነው። ጫማ ሲያስፈልገን እንቁላሉን ተሸክሜ ወደ ገበያ የምሄደው እኔ ነበርኩ። ፓፓ-ዚሲስ በየዓመቱ ስለዚህ ነገር አንድ ሙሉ ስብከት ይሰብካሉ። ሰብከው ሲጨርሱ ወደ ጀልባዋ ወርደው ላምብሮስን አይብ ያሸክሙታል።

“አባቴ፣ እርስዎም?” አለ ላምብሮስ አንድ ቀን።

“አይቡ ትኩስ ስለሆነ ነው ልጄ። ሌላ ነገር አታስብ።”

በጦርነቱ ጊዜ ጣልያኖች መጡ። አንድ የመቶ አለቃ ወታደሮቹን ወደ ደሴቷ ሊያሻግር ጀልባዋን ጠየቀ። የቀዛፊውን ስም ሲነግሩት ፊቱ ነጭ ሆነ፤ እነሱም አገር ይህን ተረት በትምህርት ቤት በግጥም ያስተምሩታል አሉ። ጀልባዋን ትቶ ወታደሮቹን በረግረጉ አዙሮ እስከ ጉልበታቸው ጭቃ አስገባቸው። ከጦርነቱ በኋላ መንደሩ ላምብሮስን እንደ ጀግና አወራለት። ጀግና ነህ እያሉም ሽንኩርት ሰጡት።

ላምብሮስ ይህን ሁሉ ቻለው። እኔም ቻልኩት፤ ሌላ ምን አደርጋለሁ? ያልቻለው የልጃችንን የፍሮሶን ነገር ነው።

ፍሮሶን ከተራራው፣ ከኬራሲያ፣ ሌፍቴሪስ የሚባል ልጅ ጠየቃት። ጥሩ ልጅ ነው፤ ከእናቱ ፊት ብቻ ድምፁ ይጠፋል። እናቱ ኪራ ሃይዶ፣ ወይዘሮ ሃይዶ እንደ ማለት ነው፣ ባሏ የሞተባት፣ የፍየል መንጋ የምታስተዳድር ሴት ናት። ለቃል ኪዳኑ መጣች፤ ጣፋጩን ቀመሰች፣ አረቄውን ጠጣች፣ አፏን ጠረገችና ተናገረች።

“ልጅቷን ወድጃታለሁ። እጇ ሥራ ያውቃል፣ ጥርሷም ሙሉ ነው። አንድ ነገር ብቻ አለኝ። በዚያች ጀልባ ወደ ተክሊል አትሄድም።”

“አባቷ እኔ ነኝ ኪራ ሃይዶ” አለ ላምብሮስ። “በማን ጀልባ ትሂድ ይላሉ?”

“በፈለገችው። በበርሜልም ትሂድ።”

“እኛ መንደር በሌላ ሰው ጀልባ የምትሄድ ሙሽራ አባት የሌላት ናት። እኔ ደግሞ እዚህ ተቀምጫለሁ።”

“እኛ መንደር ደግሞ ሃሮስ ያሻገራት ልጅ የሙታን ሙሽራ ናት! የጥንቷን ልጅ ረሳችኋት? አበባ ስትለቅም ወደ ታች የወሰዷትን? እናቷ አልቅሳ አልቅሳ ምድሩን ሁሉ አላደረቀችውም?”

“እሷን የወሰዳት ሃሮስ አይደለም፤ የሙታን ንጉሥ ነው፣ በሠረገላ” አለች ፍሮሶ። እሷ ትምህርቷን ጨርሳለች።

“ሠረገላም ሆነ ጀልባ፣ ያው መጓጓዣ ነው። እስቲ ንገሩኝ፤ ሃሮስ ወስዶ የመለሰው አንድ ሰው አለ? አንድ ጥሩልኝና አፌን ልዝጋ!”

“ፓፓ-ዚሲስን በየእሑዱ እመልሳቸዋለሁ” አለ ላምብሮስ።

“ቄስ አይቆጠርም። ቄስ ከሁለቱም ወገን ነው።”

ሌፍቴሪስን አየሁት። ጫማውን ያያል። ኪራ ሃይዶ ተነሣች፤ ወይ ጀልባዋ ወይ ልጄ ብላ ወጣች።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ላምብሮስ ምግብ አልዋጥ አለው። አንድ ቀን ጠዋት ተነሥቶ ጀልባዋን ነጭ ቀባት፤ ጎኗንም ሰማያዊ አደረገላት። መንደሩ “ሃሮስ ሸሚዝ ቀየረ” አለ፤ ከዚያ በቀር የተለወጠ ነገር የለም። ፍሮሶ ለአባቷ፣ “ተወው አባ፣ በአጎቴ ጀልባ እሄዳለሁ” አለችው። እሱም፣ “ሂጂ ልጄ” አላት። ግን ወጥቶ ከዶሮዎቹ ጋር ተቀመጠ። ዶሮዎቹ እንኳ ዝም አሉለት።

ከዐቢይ ጾም በፊት ባለው የሙታን መታሰቢያ ቅዳሜ ሁላችንም ንፍሯችንን ይዘን ወደ ደሴቷ ሄድን። ኪራ ሃይዶም መጣች፤ እህቷ እኛ መንደር አግብታ ስለነበር መቃብሯ እዚያ ነው። የመጣችው በእህቷ ልጅ የሞተር ጀልባ ነው። በላምብሮስ ጀልባ አጠገብ ስታልፍ ሦስት ጊዜ ትፍ ትፍ አለች፤ ነጩን ቀለም አይታ አንድ ጊዜ ጨመረችበት።

ጸሎቱ ሳያልቅ የሰሜን ነፋስ ተነሣ። እኛ ሐይቅ ሰሜን ሲነፍስ ውኃውን ጠርጎ ወደ ባሕር ይሰደዋል። ከቤተ ክርስቲያን ስንወጣ ጀልባዎቹ ሁሉ ጭቃ ላይ ተቀምጠዋል፤ የሞተሩ ጀልባ እንደ ሰከረ ሰው በጎኑ ተኝቷል። በቀረችው ስስ ውኃ ላይ የምትንሳፈፈው አንዲት ሆደ ጠፍጣፋ ጀልባ ብቻ ናት።

ሌላው ሰው ግድ የለውም፤ ነፋሱ እስኪያልፍ ብለው አረቄውን ከፈቱ። ኪራ ሃይዶ ግን ፀሐይዋን ታያለች፣ መቃብሮቹን ታያለች። ፍየሎቿ አልታለቡም፤ ከመሸ ደግሞ ከሙታን መሐል ማደሯ ነው። በመጨረሻ ወደ ላምብሮስ መጣች።

“አንተ ሰውዬ፣ ይቺ ነገር ወደ ማዶ ትሄዳለች?”

“ስሠራባት የኖርኩት ወደ ማዶ ስትሄድ ነው ኪራ ሃይዶ።”

“ከእኔ ጋር አትቀልድ። ልብ ብለህ ስማኝ። ሰዉ ወደዚህ ሲመጣ ለሃሮስ ይከፍላል፤ አይደል? እኔ ግን የምሄደው ከሙታን ወደ ሕያዋን ነው። መንገዱ ከተገላበጠ ክፍያውም ይገላበጣል። አንተ ነህ ለእኔ የምትከፍለው! ሳንቲም፣ ከእጅህ ወደ እጄ። ያለዚያ እግሬን አላነሣም።”

ላምብሮስ ኪሱን ዳበሰ። አንድ እንቁላል አወጣ። ሌላውን ዳበሰ፤ ሽንኩርት።

“ሳንቲም አልኩህ እኮ!”

“ከየት ላምጣ? በሕይወቴ ሳንቲም የሰጠኝ ሰው አለ?” ወደ ሰዎቹ ዞረ። “ወንድሞቼ፣ አንድ ሳንቲም አበድሩኝ።”

ሁሉም ወደ ሰማይ አየ። ባርባ ዚኮስ፣ ሁሉን የሚያውቀው የቡና ቤቱ ባለቤት፣ “እኔ ገና የልጅ ልጅ አላየሁም” አለ። አንዷ ሴት ቦርሳዋን በቀሚሷ ሥር ደበቀች። ላምብሮስ ወደ ፓፓ-ዚሲስ ተመለከተ። የሻማው ገንዘብ በእጃቸው ባለው ሰሃን ላይ ተቆልሏል።

“አባቴ፣ እርስዎ አያምኑበትም። ይስጡኝ።”

“በፍጹም አላምንበትም” አሉ ፓፓ-ዚሲስ። ሰሃኑን ግን ወደ ኋላቸው አደረጉት። “የቤተ ክርስቲያን ገንዘብ ነው ልጄ። የእኔ ቢሆን ኖሮ…”

በዚህ ጊዜ ላምብሮስ ዘንጉን ተደግፎ ቆመ። ፊቱን አውቀዋለሁ፤ ከዶሮዎቹ ጋር የተቀመጠ ዕለት የነበረው ፊት ነው። ‘የመለሰው ሰው አለ?’ ያለችው ሴት ራሷ ከተመለሰች አፏን ትዘጋለች። ልጁን ሊያሻግር የሚችልባት መንገድ አንዲት ሳንቲም ሆና ፊቱ ቆማለች፤ መንደሩ በሙሉ ደግሞ ነገ ሊሞት ያለ ይመስል ኪሱን ይዟል።

እኔ አንዲት የድራህማ ሳንቲም ነበረችኝ። እናቴ ለቀብሬ ብላ የሰጠችኝ ናት፤ በጨርቅ ሰፍቼ በደረቴ አንጠልጥያታለሁ። ክሩን በጥርሴ በጠስኩትና በመዳፉ ላይ አስቀመጥኩለት። ሴቶቹ እሪ አሉ።

“ኪራ ቫያ! አበድሽ? በእጅሽ?”

“ከሃሮስ ጋር በአንድ ብርድ ልብስ ስተኛ ኖሬያለሁ” አልኳቸው። “አሁን ምን ይጨመርብኛል?”

ኪራ ሃይዶ ሳንቲሟን ከእጁ ተቀብላ ነከሰቻት። ከዚያ ፊቷን ወደ መንደሩ፣ ጀርባዋን ወደ መቃብሩ አድርጋ ተቀመጠች። እኔም ከኋላዋ ገባሁ። በመንገድ ሁሉ፣ “ወደ ኋላ አትዙር፣ እኔንም አትየኝ” ትለዋለች። መሐል ሐይቅ ላይ ላምብሮስ ቆመ።

“ምን ሆነህ ቆምክ? ምን ሆነህ ነው?”

“አፍንጫዬን ልጠርግ ነው ኪራ ሃይዶ።”

“ስንደርስ ትጠርጋለህ! ግፋ!”

ዳር ስንደርስ ዘልላ ወረደች። እግሯን ጨበጥ፣ ጉንጯን ቆንጠጥ አደረገች። በሕይወት አለች። ፍየሎቿን ረስታ ወደ ቡና ቤቱ ደጃፍ ገሠገሠችና ያገኘችውን ሁሉ ሰብስባ፣ “ሃሮስ መለሰኝ! ከነክፍያዬ!” እያለች አወራች። እስኪመሽ ድረስ ታሪኩ ውስጥ ማዕበልና ሦስት ራስ ያለው ውሻ ገብቶበት ነበር። ላምብሮስ ጠጋ ብሎ፣ “ታዲያ የፍሮሶ ነገር?” አላት።

“እሷንም ትወስዳታለህ። ግን ትመልሳታለህ! እያንዳንዱን የወሰድከውን ሰው ትመልሳለህ፣ ከነክፍያው።”

ሠርጉ ከፋሲካ ቀጥሎ ባለው እሑድ ሆነ። ላምብሮስ ጢሙን ተላጭቶ ልጁን በነጯ ጀልባ ራሱ እየገፋ ወሰዳት። ዘንጉ ያለወትሮው ቀጥ ብሎ ይወርድ ነበር። ከተክሊሉ በኋላ የሠርጉ ሰው ሁሉ፣ ጀልባ ያለው ሳይቀር፣ በላምብሮስ ጀልባ ካልተመለስኩ ብሎ ተሰለፈ። እጁን ዘርግቶ ነው የተሰለፈው። ይህን ሁሉ ሳንቲም ከየት እናመጣለን? ለፋሲካ የቀለምኩትን ቀይ እንቁላል አወጣሁና ላምብሮስ ለአንዳንዱ አንዳንድ አደለ። ሁሉም ኪራ ሃይዶን አየ። እሷ አሰበች፤ “የትንሣኤ እንቁላል ከሳንቲም ይበልጣል” ብላ ፈረደች። ፓፓ-ዚሲስ ሁለት ወሰዱ።

በግብዣው ላይ አየኋት። ድራህማዬን አስበስታ በአንገቷ ላይ በሰንሰለት አድርጋታለች።

“ኪራ ሃይዶ፣ ሳንቲሜን ትመልሽልኛለሽ?”

“የትኛዋን? ይቺማ ሕይወቴ ናት የኔ እህት። ሕይወት ይመለሳል?”

ተውኩት። ፍሮሶ እየጨፈረች ነበር።

ሲመሽ እኔና ላምብሮስ የቀረውን ሰሃን በጀልባ ጭነን ስንመለስ፣ “ይኸው የቀብር ሳንቲሜን ያንተ ዘመድ አንጠለጠለቻት” አልኩት። “እንግዲህ ስሞት በምን ልከፍልህ ነው?”

ዘንጉን ሁለት ጊዜ ገፋ፤ አሰበበት።

“አይብ አለሽ?” አለኝ።