ሐሊማ ድቤውን የነጠቀችኝ ቀን

ኧረ እኔ ማሚቱ እንዲህ ያለ ሐሙስ አይቼ አላውቅም!

ሐሊማን ሲቀላ ገበያ የማያውቃት የለም። ጨርቅ ነጋዴ ናት፤ እኔ ከጎኗ የጨንቻ ጋቢ እሸጣለሁ። ሱቃችንን የሚለየው አንድ ቆርቆሮ ነው። አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ መንዙማዋን በዚያ በኩል ሰምቻለሁ። ሐሙስ ሐሙስ የሰፈሯ ሴቶች ቤቷ ሲሰበሰቡ ድቤ እየመታች ግጥሙን የምታወጣው እሷ፣ የሚቀበሏት እነሱ ናቸው። እናቷ ስትሞትም፣ የመጀመሪያ ልጇን ስትቀብርም ሐዘኗን የተወጣችው በመንዙማ ነው።

ባሏ አብዱሰመድ ከጨንቻ ሲወርድ መኪናው ገደል ገብቶ ሞተ። ሐሊማ ዝም አለች። እንባ የለ፣ ቃል የለ። ዒዳዋን አራት ወር ከአሥር ቀን ቤት ተቀምጣ ጨርሳ ሱቅ ስትመለስ እንኳ ለደንበኛ ዋጋ የምትነግረው በጣቷ ነበር። ልጇ ሸይማ፣ «እትዬ ማሚቱ፣ እናቴም ልትሄድብኝ ነው» ብላ አለቀሰችብኝ። ሴቶቹ ደግሞ «እንዳትረበሽ» ብለው መንዙማውን እርግፍ አድርገው ትተውታል! እንዴት እንደተናደድኩ!

ሐሙስ ከሰዓት፣ ከዓስር ሶላት በኋላ ሴቶቹን ሁሉ ሰብስቤ ቤቷ ገባሁና ድቤውን ከግድግዳ አወረድኩ።

«አንቺ ክርስቲያን አይደለሽ እንዴ?» አለች ጎረቤቷ ረይሐና።

«ታዲያ ጆሮዬ ምን አጠፋ?» አልኩና ጀመርኩ፦

«ሆደ ሰፊው ጌታ፣ ሆዴን አሳርፈው...»

ግጥሙን አልሳትኩም። ዜማው ግን፣ ምን ላድርግ፣ የሰንበት ትምህርት ቤት መዝሙር ሆኖ ቁጭ! ሴቶቹ በሻሻቸው አፋቸውን ይዘው ሳቃቸውን ዋጡ። ሐሊማ ቅንድቧን ከፍ አደረገች። ደገምኩት፤ የባሰ አበላሸሁት።

«ወላሂ አሁንስ በዛ!»

እሷ ናት! ሐሊማ! ድቤውን ከእጄ መነጨቀችኝ።

«እንዲህ ነው እንዴ የሚባለው? ስሚ!»

ድምጿ መጀመሪያ ሻከረ፤ ከዚያማ፣ ወይ ጉድ፣ ቤቱን ሞላው። ሰምተነው የማናውቀውን ስንኝም ጨመረችበት፦

«ሆደ ሰፊው ጌታ፣ ሆዴን አሳርፈው፣
አብዱሰመድ ሄደ፣ ደጁን ማን ይዝጋው?»

ያን ጊዜ እንባዋ ወረደ። ሸይማ እናቷ ጉልበት ላይ ተደፋች። እኛም መቀበሉን ትተን አብረናት ማልቀስ ጀመርን። ሐሊማ እያለቀሰች ድቤውን መታችና ጮኸችብን፦

«ተቀበሉኝ እንጂ! እናንተም ብቻዬን ልትተዉኝ ነው?»

ተቀበልናት፤ እኔም በዚያው በተበላሸ ዜማዬ።