ስሙን አውጣልኝ

የእማዬ አርባ በወጣ ማግስት ሣጥኗን ሳስተካክል በነጠላ ጫፍ የተቋጠረ ቀይ ፍላሽ አገኘሁ። ገና ሳየው ያ ዝናብ ያራሰው የላስቲክ ሽታ አፍንጫዬ ላይ መጣ።

ላስቲኩ ግቢያችን ውስጥ በተወጠረበት ክረምት አሥራ አንድ ዓመቴ ነበር። ታላቅ ወንድሜ ቶሌራ አምቦ በታወከችበት ሰሞን ዳቦ ልግዛ ብሎ እንደወጣ ከቀረ ሁለት ዓመት አልፎት ነበር። እማዬ «ሬሳውን ሳላይ አላለቅስም» ብላ ለቅሶ አልተቀመጠችም። እሁድ እሁድ ሸራ ጫማውን በኦሞ አጥባ ደጅ ላይ ታሰጣ ነበር። እኔም ከጨዋታ ስመለስ የምመኘው ጫማውን ከቦታው ማጣት ነበር፤ ከጠፋ ቶሌራ መጥቶ አድርጎታል ማለት ነዋ!

ገመቹ ሰርግ እየቀረጸ የሚተዳደር የሰፈራችን ልጅ ነው። ያን ክረምት የራሱን ፊልም ሊሠራ ተነሣ። ከአዲስ አበባ ተዋናይ አላመጣም፤ ተሸካሚውም፣ አረቄ ሻጯም፣ ባጃጅ ነጂውም ራሳቸውን ሆነው እንዲታዩ ፈለገ። ልጇ የሞተባት እናት ስታስፈልገው እማዬን ለመናት። እምቢ ትላለች ስል እሺ አለች።

የእድራችን ዳኛ ኦቦ ዲንቃ ግን ተቆጡ፤ ሰው ሳይሞት የእድር ድንኳን አይተከልም ብለው ከለከሉ። ገመቹ ምን ያድርግ፣ ሰማያዊ ላስቲክ ገዝቶ ግቢያችን ውስጥ ወጠረ። ጎረቤቱ ነጠላውን አዘቅዝቆ እየተሳሳቀ ገባ። እኛ ልጆችም ካሜራ ውስጥ ለመግባት እንጋፋ ነበር።

እማዬ እንድትጠራ የተነገራት ስም «ደረጀ» የሚል ነበር። ገመቹ ጀምሩ ሲል ግን ደረቷን መታችና፣ «ቶሌራ! ያ ኢልማ ኮ! ልጄ!» ብላ ጮኸች። ሳቁ ቀጥ አለ። ከአጥር ውጭ ቆመው የነበሩት ኦቦ ዲንቃ ባርኔጣቸውን አውልቀው ገቡና ከሰው ጋር ተቀመጡ። ገመቹ ካሜራውን አላጠፋም። በማግስቱ ሴቶቹ ንፍሮ ቀቅለው መጡ። እኔ ግን እማዬን ጠላኋት። ወንድሜን የገደለችው እሷ መሰለችኝ፤ ሦስት ቀን አላናገርኳትም።

ፊልሙ ሲያልቅ ገመቹ ቤታችን ድረስ ይዞ መጥቶ አሳየን። እማዬ እስከ መጨረሻው አየችና፣ «ለቅሶው ይሁን፤ ስሙን አውጣልኝ» አለችው።

«አዴ ብርቄ፣ የፊልሙ ነፍስ እኮ እሱ ነው» ብሎ ተለማመጣት።

«ቢመጣስ? እናቴ በቁሜ አለቀሰችብኝ ይበል?»

ገመቹ ስሙን የጠራችበትን ድምፅ ቆርጦ ፊልሙን በቀይ ፍላሽ ሰጣት። ፊልሙ በከተማው አዳራሽ የታየ ዕለት እዚያ ቦታ ላይ ሲደርስ ሰው ስፒከሩ የተበላሸ መስሎት አፏጨ። እማዬ አንገቷን ደፍታ ነጠላዋን ትቋጥርና ትፈታ ነበር።

ፍላሹን ትናንት ብቻዬን ከፈትኩት። ያኔ በሳቅ የተጋፋንበት ግቢ ዛሬ ጭር ብሏል። ገመቹም ከተማውን ከለቀቀ ቆየ። የእማዬ ከንፈር ያለ ድምፅ ሲንቀሳቀስ ስሙን ልጠራላት አፌን ከፈትኩ። አልቻልኩም። ቢመጣስ?

ነገ እሁድ ነው። ኦሞ ገዝቻለሁ።