የማይወርደው ጌም

ሰውዬው ናኪቩቦ ሰፈር ወዳለው የሉቅማን ስልክ ጥገና ሱቅ በመጣ ቁጥር የቦዳ፣ የሞተር ታክሲ ሥራውን ሄልሜት እንኳ አያወልቅም። ከአንዲት የልጅ ካልሲ ውስጥ የእጅ ጌም ማጫወቻ ያወጣና፣ «ዳውንሎዱ ዛሬም መሀል ላይ ቆመ» ይላል።

ሉቅማን እስካሁን በኔትዎርክ ሲያሳብብ ነበር። ዛሬ ግን ከፍቶ አየው።

«ሜሞሪው ሞልቷል፣ ጋሼ። አሮጌውን ጌም ካላጠፉ አዲሱ አይገባም።»

«አሮጌውን አትንካብኝ። ልጄ የጀመረው ነው።»

«አዲሱንስ ማን ሊጫወተው ነው?»

«ሁለተኛው ክፍል መቼ ነው የሚወጣው እያለ በቀን አስሬ ይጠይቀኝ ነበር» አለ ሰውዬው። «ይኸው ወጣ።»

ሉቅማን አሮጌውን ሳይነካ ትልቅ ሜሞሪ ካርድ አስገባለት። ጌሙ መውረድ ሲጀምር እንደ ልማዱ ስክሪኑን ሊወለውል ጨርቅ አነሳ።

ሰውዬው እጁን ያዘው። የስክሪኑ ጥግ ላይ የደረቀ የትንሽ አውራ ጣት አሻራ ነበር።