ሠረገላው ወደ ታችኛው ሰፈር ሲታጠፍ

ፔቺሙቱን የቬላንኩርቺ መንደር ሰው ሁሉ የሚያውቀው በአንድ ነገር ነው፤ እናቲቱ በሚሏት እንስት አምላካቸው በዓል ቀን ሠረገላዋን የሚገታው እሱ ነበር። ቤት የሚያክለው የእንጨት ሠረገላ መሪ የለው፣ ፍሬን የለው። ሕዝቡ ከፊት በገመድ ሲጎትት ፔቺሙቱ ከመንኮራኩሩ ሥር ጎንበስ ብሎ ሽብልቅ እየሸጎጠ ያዞረዋል፣ ያቆመዋል። ዝምተኛ ሰው ነው፤ ታላቅ ወንድሙ ካሩታፓንዲ ፊትማ ጭራሽ ድምፁ አይሰማም።

ሠረገላው ግን በሁለት ሰፈሮች ክርክር የተነሳ ለዓመታት ከመጠለያው አልወጣም ነበር። የታችኛው ሰፈር ሰዎች፣ በትውልዳቸው ዝቅ ተደርገው የኖሩት፣ "እናቲቱ የእኛም ናት፤ በደጃችን ትለፍ፣ ገመዷንም እንያዝ" ብለው ከሰሱ። የላይኛው ሰፈር በካሩታፓንዲ መሪነት "በአያቶቻችንም ጊዜ እዚያ ገብታ አታውቅም" ብሎ ተከራከረ። ክርክሩ ሲጋጋል የታችኛው ሰፈሯ መበለት የኢሩላዪ ቤት በእሳት ወደመ፤ ማን እንዳቃጠለው ሳይታወቅ ቀረ። በመጨረሻ ፍርድ ቤቱ ወሰነ። ሠረገላው በሁሉም መንገድ ይዞራል፣ ሁሉም ይጎትታል፤ ረብሻ ከተነሳ ግን መቅደሱ ይታሸጋል። ሁለቱም ወገን ሰላም ሊያስከብሩ ፈረሙ።

በበዓሉ ጠዋት ካሩታፓንዲ ወንድሙን ከመቅደሱ ግንብ ጀርባ ጠራው።

"መታጠፊያው ጋ ስንደርስ ሽብልቁን ጥብቅ አድርገህ ምታው። ከዚያ የመንኮራኩሩ ዘንግ ተሰነጠቀ በል። አለቀ።"

"ጋሼ፣ ዘንጉ እኮ ደህና ነው።"

"ማን ገብቶ ያየዋል? ፍርድ ቤት በእንጨት ላይ አይፈርድም።"

ፔቺሙቱ እሺም እምቢም አላለም። ካሩታፓንዲ ዝምታውን እንደ እሺታ ወሰደው፤ ዕድሜ ልኩን እንደዚያ ነበርና።

መታጠፊያው ላይ ሲደርሱ ፔቺሙቱ ሽብልቁን ሸጎጠ፤ ሠረገላው ተንቀጥቅጦ ቆመ። የላይኛው ሰፈር ሰዎች ገመዱን መሬት ላይ ጥለው ወደ ኋላ አፈገፈጉ። ከበሮው ተቋረጠ። ከፊት ቁልቁለቱ፣ ከቁልቁለቱ ግርጌ በየደጁ የቆመው የታችኛው ሰፈር ሰው ብቻ ይታያል።

"ምን ሆነ?" አለች የፖሊስ ኢንስፔክተሯ።

"ዘንጉ ተሰነጠቀ። ወንድሜን ጠይቂው" አለ ካሩታፓንዲ።

ሰው ሁሉ ፔቺሙቱን አየው። ከመንኮራኩሩ ሥር ወጣ።

"ዘንጉ ደህና ነው" አለ። "የሚጎትት ነው የጠፋው።"

ከካሩታፓንዲ ኋላ የነበሩት ጎረምሶች ማጉረምረም ጀመሩ፤ ፖሊሶቹ ዱላቸውን ጨበጥ አደረጉ። ኢንስፔክተሯ ገመዱን እንዲይዙ የታችኛው ሰፈር ሰዎችን ጠራች። ማንም አልተነቃነቀም። ኢሩላዪ ብቻ ቀስ ብላ ወጣች።

"አንቺ ነገ ትሄጃለሽ፣ የእኔ ልጅ። እኛ ግን እዚሁ ነን" አለቻት ኢንስፔክተሯን። ከዚያ ወደ ፔቺሙቱ ዞረች። "ቁልቁለት ነው። ገመድ ይዘን ፊት ፊት ስንሄድ ሠረገላውን ብትለቅብንስ? ማን ያምንሃል?"

ይሄኔ የፔቺሙቱ ሚስት ቼላታዪ ከላይኛው ሰፈር ሴቶች መሃል ወጥታ የገመዱን ጫፍ አነሳች።

"እማማ፣ ከጎንሽ ነኝ" አለች። "ከለቀቀ እኔንም አብሮ ነው የሚጨፈልቀኝ።"

ኢሩላዪ ትክ ብላ አየቻት። ከዚያ ገመዱን ያዘች። የሰፈሯ ሰዎችም አንድ በአንድ መጡ።

ፔቺሙቱ ሽብልቁን ነቀለ። ሠረገላው እየጮኸ ቁልቁለቱን ጀመረ፤ እሱም በየእርምጃው እየሸጎጠ፣ እየነቀለ ወረደ። መሃል ላይ ሲደርሱ ከላይ ድንጋይ መጥቶ ግንባሩን ፈነከተው። ቀና ሲል ወርዋሪውን አየ፤ የካሩታፓንዲ የበኩር ልጅ ነው። ደሙ ዓይኑ ውስጥ እየገባ እጁን ከሽብልቁ ሳያነሳ ቀጠለ።

ሜዳው ላይ ሲቆሙ ኢንስፔክተሯ እየሮጠች መጣች።

"ማነው የወረወረብህ? አይተኸዋል?"

አንድ ስም ቢጠራ መቅደሱ ይታሸጋል።

"ድንጋይ አይደለም። ከሠረገላው ጌጥ ወድቆብኝ ነው።"

ውሸቱን አውቃለች። "ሐኪም ጋ ውሰዱት" ብላ ሄደች።

መቅደሱ ሳይታሸግ ቀረ። ካሩታፓንዲ ይግባኝ አለ፤ ተሸነፈ። ከበዓሉ ቀን ጀምሮ ወንድሙን ሰላም ብሎት አያውቅም፤ ድንጋዩን የወረወረው ልጁ ግን በበዓሉ ማግስት ምሽት መጥቶ የፔቺሙቱ በረንዳ ላይ ሲቀመጥ፣ ቼላታዪ ምንም ሳትጠይቀው ሩዝና ወጥ አቀረበችለት። በላና ሄደ።