የቀይ ዘር ገንፎ

በሰባ ሰባቱ ረሃብ ሱዳን አገር፣ ገዳሪፍ ከተማ ውስጥ የወርቅውሃን ስም ያላነሳ አፍ አልነበረም። ሆድ ባዶ ቢሆንም ምላስ ሥራ አይፈታም። ከመተማ በረሃብ ተሰዳ የመጣችው ሴት እንግዳው የሚባል ባሏን መርዝ አብልታ ገደለችው ተባለ። ሻይ ሻጩ ጀማሉ፣ «ወላሂ፣ የሎሪ ሹፌር ወዳ ነው!» ሲል፣ ሹፌሩን ያየ ሰው ሳይኖር መልኩን የማያውቅ ጠፋ። የችሎቱ ዕለት ሱቅ ተዘግቶ ሰዉ መስኮት ላይ ተንጠለጠለ።

እሷ የምታስበው መጠለያ ጣቢያ፣ ጎረቤቷ አሰፋች ዘንድ ትታት ስለመጣችው ስለ ትንሿ ልጇ ስለ ማሬ ብቻ ነበር። «ልጄን በእጄ ሳላጎርስ አትግደለኝ» እያለች ፈጣሪዋን ትለምናለች።

ነገሩ እንዲህ ነው። ባሏ እንግዳው ባሱንዳ በሚባል ቦታ የሰው እርሻ ላይ ሲዘራ ውሎ፣ የተራረፈ የማሽላ ዘር በፎጣው ቋጥሮ መጣ። ዘሩ ቀለም የተነከረ ይመስል ቀይ ነው። አገሯ ሳለች እናቷ ለዘር ያሰቡትን እህል በአመድ አሽተው ያስቀምጡ ነበር፤ ክፉ ቀን ከመጣ ታጥቦ ይበላል። ይህም ያው መሰላትና ውሃው እስኪጠራ አጥባ፣ ፈጭታ ገንፎ አገነፋችው። ተባይ በሚገድል መድኃኒት የታሸ መሆኑን ማን ይንገራት? እንግዳው ጀንበር ሳትጠልቅ ሞተ።

ዳኛው በአስተርጓሚ ጠየቋት፤ «እሱ ሲበላ አንቺ ለምን አልበላሽም?»

«ባሌ ሳይጠግብ እንዴት እበላለሁ፣ ጌታየ? የተረፈውን ልቀምስ ነበር፤ ምንም አልተረፈም።»

ሕዝቡ ሳቀ። ያ ሳቅ ከእስሩ ይልቅ አንገበገባት። ደግነቱ ፖሊሶች ከእርሻው ያንኑ ቀይ ዘር በጆንያ አመጡና፣ መርዙ ከዘሩ መሆኑ ስለታወቀ ዳኛው በነፃ ለቀቋት። ተመልካቹ ግን ተከፋ፤ ሹፌር የሌለበት ወሬ ምን ይጥማል! ጀማሉ በማግስቱ ዳኛው ጉቦ በልተዋል ብሎ አስወራ።

ወርቅውሃ በእግሯ መጠለያው ገባች። የእርዳታ ዱቄት ለምና ገንፎ አገነፋች፤ ማሬን አጠገቧ አስቀምጣ ጉርሻውን ዘረጋችላት። ልጅቱ ከስታ አንገቷ ራሷን መሸከም አቅቶታል፤ ዓይኗ ገንፎው ላይ ተተክሏል። አፏን ግን ገጥማለች። ወሬው ከእናቷ ቀድሞ ደርሷታል።

«ብይ እንጂ የኔ ዓለም፣ እኔ እናትሽ ነኝ።»

«እትየ አሰፋች ታጉርሰኝ» አለች ማሬ።

አሰፋች አፍራ አቀረቀረች። ወርቅውሃ ሳህኑን አቀበለቻትና፣ ልጅቱ እንድትበላ ብላ ከደጅ ወጥታ ቆመች።